የኢግናት ሃያ አምስተኛ ዓመት

የሩሲያ ጦር አደረጃጀት ታሪክ የሚባል ትምህርት ተምሬአለሁ። አትሳቁ። እዚያው አገራቸው ድረስ ተልከን፣ ጆሯችን በብርድ እየተቆረጠ፣ ሁለት ዓመት ሙሉ ተምረናል። በጥንት ጊዜ ባለርስቱ ከመሬቱ ፈረሰኛ ይዞ እንዴት እንደሚዘምት፣ ቀጥሎ ከየመንደሩ ምልምል እንዴት እንደሚወሰድ፣ ቀጥሎ ደግሞ ገበሬውን ወታደር፣ ወታደሩን ገበሬ አድርገው እንዴት አንድ ሰፈር ውስጥ እንደከተቷቸው፣ ሁሉም ጥቁር ሰሌዳ ላይ በሳጥንና በቀስት እየተሳለ ይሰጠን ነበር። ከሳጥኖቹ ዛሬ አንዱንም አላስታውስም። ከእኔ ጋር የተማሩት ኮሎኔል ሆነው ጡረታ ወጡ፤ እኔ ሻምበል እንደሆንኩ ቀረሁ። ምክንያቱን እኔን አትጠይቁኝ፤ ኢግናትን ጠይቁት።

ከኢግናት ጋር ያስተዋወቁን አስተማሪያችን ኮሎኔል ዬጎር ሴምዮኖቪች ናቸው። አንድ ዓይናቸው የመስታወት ነው፤ ስናንቀላፋ በየትኛው እንደሚያዩን አይታወቅም። እንቅልፍ ሲያሸንፈን ጠመኔውን ያስቀምጡና፣ ይህን ከአያቴ ነው የሰማሁት፣ አያቴም ከአያቱ፣ ፈተና ላይ አይመጣም ይሉናል። ያኔ ሁላችንም እንነቃለን። እውነት ይሁን ፈጠራ እኔ እንጃ። የሰማሁትን ነው የምነግራችሁ፤ ከጨመርኩም ጥቂት ነው።

*

በዚያ ዘመን ወታደር መሆን ማለት ሃያ አምስት ዓመት ማገልገል ማለት ነበር። ከዚህን ያህል ቤት አንድ ሰው ተብሎ ይቆረጥና መንደሩ ያዋጣል። ማን ይሂድ የሚለውን የሚወስነው ባለርስቱ ነው። ባለርስቱ ደግሞ ሞኝ አይደለም፤ ሌባውን፣ ሰካራሙንና ምላሰኛውን ይመርጣል። ኢግናት አይሰርቅም፣ አይጠጣም። የቀረውን እናንተ ገምቱ።

ምልምል ሲወጣ መንደሩ እንደ ሞተ ሰው ያለቅስለት ነበር። ሃያ አምስት ዓመት ሄዶ ማን ይመለሳል? የኢግናት እናት ልጇ ገና ከደጅ ሳይወጣ ተዝካሩን ደግሳ ጎረቤቱን አበላች። ካገባት ሦስት ወር ያልሞላት ሚስቱ አኩሊና ግን አንድ ጉርሻ አልቀመሰችም። በእግሩ የሚሄድ ሰው ተዝካር አልበላም አለች። ሃያ አምስት ዓመት እጠብቅሃለሁ፣ ምድጃዬም አይጠፋም፣ ከዚያ ብታሳልፍ ግን ተዝካርህን እኔው ራሴ እደግሳለሁ አለችው። ኢግናት ይህን ቃል ይዞ ሄደ። ሌላ የያዘው ነገር አልነበረም።

ምልምል መቀበያው ዘንድ ሐኪሙ ጥርሱን አየለት፤ ባሩድ የተጠቀለለበትን ወረቀት ነክሶ የሚቀድ ጥርስ ያስፈልጋልና። ፀጉር ቆራጩ ከግንባሩ በላይ ያለውን ፀጉር ላጨው፤ ቢጠፋ እንዲታወቅ ነው። ከዚያ መኮንኑ ከባለርስቱ የመጣውን ደብዳቤ ጮክ ብሎ አነበበ። ለእናት አገሬ በቤቴ ካለው ሁሉ አብልጬ የምሳሳለትን ሰጥቻለሁ ይላል። መኮንኑ ልቡ ተነካና፣ አየህ ጌታህ እንዴት እንደሚወዱህ አለው። ኢግናት ግን፦

«ተሳስተው ነው ጌታዬ፤ የአደን ውሾቻቸው እስካሁን እቤት ናቸው።»

*

ሃያ አራቱን ዓመት እዘላቸዋለሁ። ጦርነት ነው፣ መንገድ ነው፣ የጥቅል ጎመን ሾርባ ነው። አንድ ጥይት ጭኑ ውስጥ ቀርታለች፣ ሁለት ሜዳልያ ደረቱ ላይ አሉ። በሃያ አምስተኛው ዓመት መግቢያ ግን ኢግናት ጄኔራል ባራባኖቭ ወደሚያዙት የወታደር መንደር ተዛወረ። ጨዋታው የሚጀምረው እዚህ ነው።

የወታደር መንደር ማለት ምን መሰላችሁ? ጦሩ በሰላም ጊዜ ራሱን ይቀልብ ተብሎ የተፈጠረ ነገር ነው። ወታደሩ ያርሳል፣ ገበሬው ይሰለፋል፣ ሁለቱም የደንብ ልብስ ለብሰው። ቤቶቹ ሁሉ አንድ ዓይነት ናቸው፤ መስኮት ላይ የሚቀመጠው ማሰሮ እንኳ ከቤት ቤት አይለይም። ከበሮ ሲመታ ይነሳሉ፣ ከበሮ ሲመታ ያልባሉ፣ ከበሮ ሲመታ ያጭዳሉ። ላሟ ከበሮውን ሰምታ ካልታለበች የሚቀጣው ባለቤቷ ነው። ጄኔራሉ ይህን ሁሉ ከልባቸው ያምኑበት ነበር። ክፉ ሰው አልነበሩም፣ ሥርዓት የሚወዱ ሰው ነበሩ ይላሉ ኮሎኔላችን። እኔ ልዩነቱ ብዙም አይታየኝም።

ከሁሉም በላይ የሚወዱት ሰው በቁመቱ ሲሰለፍ ማየት ነው። ረጅሙ በቀኝ ጫፍ ከፊት ይቆማል፣ ከዚያ እያጠረ እያጠረ ይሄዳል። የመንደሩ ረጅም ሰው ኢግናት ነበር፤ ስለዚህ ምንጊዜም ከፊት ነው። ይህን ያዙልኝ።

*

የንብረት ክፍሉ ሹም ሻለቃ ሉኪን የሚባል ስስታም ሰው ነበር። ጨው ሲሰፍር እንዳይበንበት ትንፋሹን ይይዛል ይባላል። በዚያ ዘመን የወታደር ቦት ጫማ ግራና ቀኝ የለውም፤ ሁለቱም አንድ ቅርጽ ናቸው፣ ወታደሩ በአንድ በኩል እንዳያልቁበት በየቀኑ ያቀያይራቸዋል። ሻለቃ ሉኪን በዚህ ላይ አንድ ብልሃት ጨመረበት። ቆዳ ለመቆጠብ ብሎ የመንደሩን ጫማ በሙሉ በራሱ እግር ልክ አሰፋው። የሻለቃው እግር ደግሞ ትንሽዬ ናት። ኢግናት ከጣቶቹ በላይ ማስገባት አቃተው። ለሻለቃው ሄዶ ቢያመለክት፣ ጫማው የደንቡን ልክ ያሟላል፣ ከደንብ ውጭ የሆነው እግርህ ነው አለው።

በማግስቱ በረዶው ላይ ሰልፍ ነበር። ጄኔራሉ ሲደርሱ በቀኙ ጫፍ፣ ረጅሙ ሰው በሚቆምበት ቦታ፣ ሁለት ቦት ጫማዎች ተረከዝ ለተረከዝ ገጥመው ቆመዋል። ኢግናት ከኋላቸው ሁለት እርምጃ ርቆ፣ እግሩን በጨርቅ ጠቅልሎ ቆሟል። ይህ ምንድን ነው አሉት።

«ክቡርነትዎ፣ ደንቡን የሚያሟሉት ጫማዎቹ ብቻ ናቸው ተብሏል፤ እኔ ልሸኛቸው ነው የመጣሁት።»

ሻለቃው ለሁሉም በየልካቸው እንዲያሰፋ ታዘዘ። ከዚያ ጄኔራሉ ጸሐፊያቸውን ጠርተው፣ ይህ ሰው ስንት ቀረው አሉ። ዘጠኝ ወር ተባሉ። አሥር አድርገው ብለው ሄዱ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሕጉ ይህ ሆነ፤ ኢግናት በመለሰ ቁጥር ወር ይጨመርበታል። የስንብቱን ወረቀት የሚፈርሙት እሳቸው ናቸውና ይግባኝ የለም። እንግዲህ መንደሩ በሙሉ ጫማ አገኘ፣ የከፈለው እሱ ብቻ ሆነ።

ጓደኞቹ ለመኑት። አንተ ሰውዬ፣ አኩሊናን አስባት እንጂ፣ አሥር ወር አፍህን መዝጋት ምን ያቅትሃል አሉት። ከልቡ ማለላቸው። ግን ምን ያድርግ፣ እጁና እግሩ በጄኔራሉ ሥር ቢሆኑም ምላሱ የሌላ ክፍለ ጦር ነበር መሰለኝ።

*

በረዶው ሳይቀልጥ ጄኔራሉ ትምህርት መስጠት ጀመሩ። ሰሌዳው ያኔም ነበረ፣ ሳጥንና ቀስቱም እንደዚሁ፤ ተማሪ ከዚህ መከራ ያመለጠበት ዘመን የለም። ጦር ማለት አንድ አካል ነው አሉ። ጄኔራሉ ጭንቅላት ነው፣ መኮንኖቹ ደረትና ክንድ ናቸው፣ ተራው ወታደር እግር ነው። ጭንቅላት ያስባል፣ እግር ይሄዳል፤ እግር ያሰበ ቀን ጦሩ ይወድቃል። ከዚያ ጥያቄ ያለው አሉ። ጥያቄ ያለው ማለታቸው ውጡ ማለታቸው እንደሆነ ሁሉም ያውቃል። ኢግናት እጁን አወጣ። አጠገቡ የተቀመጠው ጓደኛው ኮቱን ይዞ ቢጎትተውም አልሆነም።

«ጥያቄ የለኝም ክቡርነትዎ፣ ገባኝ ለማለት ነው። በጦርነቱ ጊዜ ከወንዙ ማዶ ስንሸሽ ጭንቅላታችን ከእግራችን ሦስት ቀን ቀድሞ ሲደርስ፣ ምን ዓይነት ፍጥረት ነን ብዬ ግራ ገብቶኝ ነበር።»

ሦስት ወር ተጨመረበት። ለእያንዳንዱ ቀን አንድ ወር አስበው መሆን አለበት።

*

አጃው የደረሰ ሰሞን ደግሞ ጄኔራሉ ማሳውን ሊጎበኙ መጡ። አጃ ነውና አንዱ ረጅም አንዱ አጭር ሆኖ በቅሏል። ፊታቸው ተለዋወጠ። ይህ ለምንድን ነው በቁመቱ ያልተሰለፈው ብለው እንደተለመደው ከፊት የቆመውን ሰው ጠየቁ።

«ክቡርነትዎ፣ ገና ምልምል ነው፤ አልተገረፈም።»

አንድ ወር።

በዚያው ሰሞን ግን ወር ሳይጨመርባት በነፃ ያመለጠች አንዲት መልስ አለች። በዕቅዱ መሠረት ድርቆሽ የሚታጨደው ማክሰኞ ነበር። ማክሰኞ ዶፍ ዝናብ ጣለ። ከበሮው ተመታ፣ ዝናቡ እየወረደ ታጨደ፣ እየወረደ ተከመረ፣ ከዚያ በሰበሰ። ጄኔራሉ ክምሩን አሽትተው ጥፋቱ የማን እንደሆነ ጠየቁ። ሁሉም መሬት መሬቱን ያያል። ኢግናት ቀጥ ብሎ ሰላምታ ሰጠና ሪፖርት አቀረበ፦

«ማክሰኞ የድርቆሽ ቀን መሆኑ ለዝናቡ አልተነገረውም፣ ክቡርነትዎ።»

ጄኔራሉ ራሳቸውን ነቀነቁ። የተሟላ ሪፖርት ነው የመሰላቸው። ዕቅዱን ማስታወቅ ያለበት ጸሐፊው ነው ብለው ጸሐፊውን ገሠጹት፤ ከዚያ በኋላ የሳምንቱ ዕቅድ ከማሳው መካከል በረጅም እንጨት ላይ እየተለጠፈ ይውል ጀመር። ኮሎኔላችን እዚህ ጋ ሲደርሱ የእኛንም የትምህርት ክፍል ማስታወቂያ ሰሌዳ በጣታቸው ያሳዩን ነበር።

*

የባሰው የመጣው በጄኔራሉ ልደት ቀን ነው። የአካባቢው ባለርስቶች ተሰብስበው ምሳ ላይ የዘር ነገር ተነሣ። ቋሚ ጦር ባልነበረበት በድሮው ጊዜ እያንዳንዱ ባለርስት ከመሬቱ ላይ ሰው ለቅሞ፣ ፈረስ ሰጥቶ ወደ ዘመቻ ይዞ ይሄድ ነበር፤ ክብሩም የሚለካው በዚያ ነበር። አንዱ እንግዳ የእኔ ቅድመ አያት ሃያ ፈረሰኛ ይዘው ዘምተዋል አለ። ሌላው ሠላሳ አለ። ጄኔራሉ ጢማቸውን ጠራርገው አርባ አሉ። እንግዶቹ አደነቁ። ጄኔራሉ ሞቅ ብሏቸው ነበርና ለጨዋታ ያህል በር ላይ በዘብ የቆመውን ኢግናትን አስገቡት። አንተስ፣ የአንተ ቅድመ አያት ለዘመቻው ምን ይዘው መጡ አሉት። ቤቱ በሳቅ ሞላ።

ኢግናት በልቡ ወሩን ቆጠረ። እስከዚያ ቀን አምስት ወር ተጨምሮበታል፤ የመጀመሪያው ሃያ አምስት ዓመት ሊሞላ የቀረው ደግሞ ጥቂት ሳምንት ነው። አላውቅም ቢል ይበቃ ነበር። እኔ ብሆን አላውቅም እላለሁ። ዋሸሁ፣ አልልም።

«ምንም አልያዙም ክቡርነትዎ፤ የእርስዎ ቅድመ አያት ይዘው የመጡት እሳቸውን ነው።»

ስድስት ወር። በአንድ ጉርሻ ስድስት ወር።

*

መስከረም ላይ ሃያ አምስቱ ዓመት ሞላ። በዚያው ሳምንት መርፌና ክር የሚያዞር ነጋዴ በመንደሩ ሲያልፍ የአኩሊናን መልእክት አደረሰ። ምድጃዬ እስከ ዛሬ አልጠፋም ብላለች። ግን ጉልበቴ ከድቶኛል፣ እንጨት ብቻዬን መፍለጥ አልችልም። የመጀመሪያው በረዶ እስኪወርድ እጠብቀዋለሁ፤ ከዚያ ወዲያ ተዝካሩን ደግሼ፣ እሳቱን አጥፍቼ፣ ወንድሜ ቤት እገባለሁ ብላለች። ኢግናት ይህን ሲሰማ ቀልድ አልመጣለትም። በሃያ አምስት ዓመት ውስጥ ሲያለቅስ ያየው አልነበረም፤ ያን ቀን ከጋጣው ጀርባ ሄዶ አለቀሰ።

ከዚያ ፊቱን ታጠበና የጦሩ ዳኛ ፊት ቀረበ። ዳኛው መነጽራቸውን ሰክተው መዝገቡን አዩ። በምላስህ ምክንያት አሥራ አንድ ወር ይቀርሃል አሉት።

«ጌታዬ፣ ያጠፋው ምላሴ ከሆነ ምላሴ ይቅርና ወሩን ይጨርስ፤ እግሬ ሃያ አምስቱን ጨርሷል፣ ይሂድ።»

ዳኛው የደንቡን መጽሐፍ ከዳር እስከ ዳር ገለበጡ። ምላስን ብቻ ለይቶ የሚያስቀር አንቀጽ አጡ፣ አይቻልም የሚል አንቀጽም አጡ። ጉዳዩን ወደ ጄኔራሉ መሩት።

ጄኔራሉ ያን ሰሞን ሌላ ጭንቀት ይዟቸው ነበር። ከዋና ከተማው አንድ ሽማግሌ ፊልድ ማርሻል መንደሩን ሊመረምሩ እየመጡ ነው። ረጅሙ ሰው ከፊት ይቁም የሚለውን ደንብ የጻፉት ራሳቸው ጄኔራሉ ናቸው። ኢግናትን ቢደብቁት ደንባቸው ይፈርሳል፤ ቢያቆሙት ፊልድ ማርሻሉ መጀመሪያ የሚያገኙት እሱን ነው። ሁለት ቀን ሙሉ ሲያሰላስሉ ከቆዩ በኋላ የዳኛው ወረቀት ደረሳቸው። ኢግናትን አስጠሩት። ምላሴ ይቅር ብለሃል፣ እሺ፣ ይቅር አሉት። ፊልድ ማርሻሉ ገብተው እስኪወጡ አንዲት ቃል ብትተነፍስ አምስት ዓመት እጨምርብሃለሁ፤ ማንም ቢጠይቅህ። ዝም ካልክ ደግሞ፣ እናያለን።

ሠራዊት ውስጥ እናያለን ማለት ምን ማለት እንደሆነ ያገለገለ ሰው ያውቀዋል። ኢግናት አንገቱን ነቅንቆ ወጣ።

*

ፊልድ ማርሻሉ የመጡት ሰማዩ ዝቅ ብሎ፣ በረዶው አሁን ወረደ አሁን ወረደ በሚባልበት ቀን ነው። ጄኔራል ባራባኖቭን ያን ቀን ብታዩአቸው አታውቋቸውም። ፊልድ ማርሻሉ ዛሬ ይበርዳል ይላሉ። እንዳሉት ክቡርነትዎ። ለነገሩ ያን ያህልም አይበርድም ይላሉ። እንዳሉት ክቡርነትዎ። ቤቶቹ ያምራሉ፣ እንዳሉት። ቤቶቹ ግን እስር ቤት እስር ቤት ይላሉ፣ እንዳሉት። እንዲህ እየተባባሉ ሰልፉ ዘንድ ደረሱ።

ሽማግሌው ቀጥ ብለው ወደ ረጅሙ ሰው ሄዱ። ሜዳልያዎቹን አዩ፣ የሸበተ ጢሙን አዩ፣ ደስ አላቸው። ልጄ፣ ሾርባው እንዴት ነው አሉት። እስቲ አስቡት። ሃያ አምስት ዓመት ያን ሾርባ የጠጣ ሰው፣ በዚያ ላይ ኢግናት፣ በዚያ ላይ የጠየቁት ፊልድ ማርሻል። መልሱ ከሆዱ ተነሥቶ ጥርሱ ድረስ መጣ። ፊቱ ቀላ፣ የአንገቱ ሥር ተገተረ። አኩሊናን አሰበና ዋጠው። አለቆችህስ እንዴት ናቸው አሉት ቀጥለው። ይህኛው የባሰ ነበር። ዓይኑ እንባ አቀረረ፤ እሱንም ዋጠው።

ፊልድ ማርሻሉ ወደ ጄኔራሉ ዞረው ይህ ሰው ለምን አይመልስልኝም አሉ። ጄኔራሉ በዚያ ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ እንዳሉት ተብሎ የማይመለስ ጥያቄ ገጠማቸው። ዝም በል ብዬው ነው ቢሉ፣ ምን እንዳይናገር ፈርተህ ነው መባል ሊመጣ ነው። ከተወለደ ጀምሮ ዲዳ ነው ክቡርነትዎ አሉ።

ሽማግሌው ቅንድባቸውን ሰብስበው አሰቡ።

«ታዲያ ዘብ ሲቆም ጠላት ቢመጣ፣ ቁም፣ ማነህ የሚልለት ማነው?»

ሃያ አምስት ዓመት ዲዳ ዘብ አቁመን ነበራ፣ እግዚአብሔር ነው የጠበቀን አሉ ፊልድ ማርሻሉ። ይህ ሰው ዛሬውኑ ይሰናበት፣ ወረቀቱን አምጡ፣ እኔው እፈርማለሁ አሉ። ጄኔራሉ ኢግናትን አዩ፣ ሰማዩን አዩ፣ ከዚያ አንገታቸውን ደፍተው እንዳሉት ክቡርነትዎ አሉ።

ወረቀቱ ተጻፈ፣ ተፈረመ፣ ማኅተም አረፈበት። ኢግናት በሁለት እጁ ተቀብሎ ሰላምታ ሰጠ፤ ትንፍሽ አላለም። ጓደኞቹ በተሰለፉበት ከንፈራቸውን ነክሰው ቆመዋል። አንዱ ሳቁን መያዝ አቅቶት ጠመንጃው ከእጁ ወድቆ በኋላ ተቀጣ ይባላል።

ፊልድ ማርሻሉ ምሳ ሊበሉ ገቡ። ኢግናት ስልቻውን አንግቶ በመንደሩ በር ወጣ፤ ከበሮ መቺው የሚቆመው እዚያ ነው፣ ከዚያ ወዲያ ከበሮ የለም። ሁለት መቶ እርምጃ ያህል እንደሄደ ከኋላው የፈረስ ኮቴ ሰማ። ጄኔራሉ ናቸው፣ ብቻቸውን። አንዲት የበረዶ ቅንጣት ገና አልወረደችም፣ ወደ አኩሊና ደግሞ የሁለት ቀን መንገድ ይቀራል፤ ኢግናት የሚቆምበት ጊዜ አልነበረውም። ግን ልማድ ነውና ቆመ።

ሊመልሱት አይችሉም፤ መለስኩት ማለት ፊልድ ማርሻሉን ዋሽቼአቸዋለሁ ማለት ነው። ወርም ሊጨምሩበት አይችሉም፤ ወረቀቱ ኮቱ ውስጥ ነው። የመጡት አንጀታቸው አርሮ ነው። አሁን ማንም አይሰማንም አሉት ከፈረሱ ላይ ሆነው። ሃያ አምስት ዓመት ስትለፈልፍ ኖረህ ዛሬ ዝም በማለትህ ምን ተማርክ?

ኢግናት ግራ ቀኙን አየ። ወረቀቱን በኮቱ ላይ ዳበስ አደረገ።

«አንድ ሰዓት ዝም ብል ከጦሩ ወጣሁ፤ ሃያ አምስት ዓመት ዝም ብዬ ቢሆን ኖሮ ጄኔራል ሆኜ እዚሁ እቀር ነበር።»